ቢጫ መስመር ምንድን ነው? በአሜሪካ መንገዶች ላይ ስለሚደጋገም አንድ ስሕተት

«ቢጫ መስመር ማለት አትሻገር ማለት ነው፤ ነጭ መስመር ማለት ተሻገር ማለት ነው።» በዋሽንግተን ዲሲና በአካባቢዋ መንጃ ፈቃድ ለማውጣት የሚዘጋጁ ወገኖቻችን ይህን ምክር ከአንዱ ሰምተው ለሌላው ሲያቀብሉ ኖረዋል። ሰሞኑን ደግሞ አንድ አስተያየት ሰጪ ይህንኑ ደግሞ፣ «ይህችን ከያዛችሁ ስለ መንገድ ቀለም ሌላ ማወቅ አያስፈልጋችሁም» ሲል ሰማሁት። ሙያዬ የመንገድ ላይ ምልክት ስለሆነ ነገሩን እንደ ተራ ስሕተት ማለፍ አልቻልኩም። ምክሩ በቢጫውም በነጩም በኩል የተሳሳተ ነው። ከዚያም በላይ፣ ቢጫው ሕይወት ሊያድን በሚችልበት ዋና ቦታ ላይ አሽከርካሪውን ባዶ እጁን ይተወዋል።

በአሜሪካ የመስመር ቀለም የሚናገረው ስለ አቅጣጫ ነው። ቢጫ በተቃራኒ አቅጣጫ የሚጓዙ ተሽከርካሪዎችን ይለያል፤ ነጭ ወደ አንድ አቅጣጫ የሚጓዙትን ይለያል። መሻገር ይፈቀዳል ወይስ ይከለከላል የሚለውን የሚወስነው የመስመሩ ቅርጽ ነው፤ ማለትም መስመሩ የተቆራረጠ ወይም ያልተቆራረጠ፣ ነጠላ ወይም ድርብ መሆኑ። ቀለሙ «ከመስመሩ ማዶ ያለው ተሽከርካሪ ወዴት ይሄዳል?» ለሚለው መልስ ይሰጣል፤ ቅርጹ ደግሞ «መሻገር እችላለሁ?» ለሚለው። አስተያየት ሰጪው ሁለቱን ጥያቄዎች አንድ ላይ ጨፍልቆ ለሁለቱም አንድ መልስ ሰጠ።

ማስረጃው በየመንገዱ አለ። በሁለት አቅጣጫ በሚያስኬዱ የገጠር መንገዶች መሃል ላይ የተቆራረጠ ቢጫ አለ፤ ፊት ለፊት የሚመጣ ተሽከርካሪ ከሌለ ተሻግሮ መቅደም በሕግ የተፈቀደ ነው። በክፍያ የሚነዳባቸውን ፈጣን ረድፎች ከተራዎቹ ረድፎች የሚለይ ድርብ ያልተቆራረጠ ነጭም አለ፤ እሱን መሻገር ክልክል ነው። ነጠላ ያልተቆራረጠ ነጭ ደግሞ በአጠቃላይ ባትሻገሩ ይሻላል የሚል ምክር ነው፤ ይሁን እንጂ በየግዛቱ ሕግ ከምክር አልፎ ክልከላ የሚሆንባቸው ቦታዎች አሉ። ታዲያ «ነጭ ማለት ተሻገር» የሚለው ከየት መጣ?

ቢጫውን የሁለት ጎረቤታሞችን እርሻ እንደሚለይ ወሰን አድርጋችሁ ውሰዱት። ነጩ ግን አንድ ገበሬ በገዛ መሬቱ ላይ ጤፉን ከሽምብራው የለየበት መስመር ነው። ገበሬው ከጤፉ ወደ ሽምብራው ሲሻገር የሚጠነቀቀው ሰብል እንዳይረግጥ ነው፤ በሁለቱም በኩል ባለቤቱ እሱ ነው። ወሰኑን ሲሻገር ግን የሰው መሬት ላይ ቆሟል፤ ባለቤቱ ብቅ ባለ ጊዜ መልቀቅ ያለበት እሱ ነው። ወሰኑ የተቆራረጠ ከሆነ ጎረቤቱ «መንገድ ሲጠብህ በእኔ በኩል እለፍ» ብሎ ፈቅዶለታል። ፈቃዱ መሬቱን የእሱ አላደረገውም። አንዱ መስመር ያልተቆራረጠ፣ አጠገቡ ያለው የተቆራረጠ ሲሆን ፈቃዱ ለአንድ ወገን ብቻ ነው፤ በተቆራረጠው በኩል ያለው ይቀድማል፣ በሌላው በኩል ያለው በረድፉ ይቆያል። ሁለቱም ያልተቆራረጡ ከሆኑ ከሁለቱም ወገን ለመቅደም የሚሻገር የለም። የዚህ ሁሉ መነሻ ግን ወሰን መሆኑ ነው። ክልከላው የሚመጣው ከዚያ በኋላ ነው።

ይህ የቃላት ክርክር የሚመስለው ካለ የሚከተለውን ያስብ። አካፋይ ባላቸው አውራ ጎዳናዎች ላይ የግራ ጠርዝ መስመር ቢጫ፣ የቀኝ ጠርዝ መስመር ነጭ ነው። በፈጣን መንገድ መውጫዎችም እንዲሁ ነው። ተቃራኒው ትራፊክ በግራችሁ ስለሆነ ቢጫው ሁልጊዜ በግራችሁ ይሆናል። አንድ ሰው በሌሊት ተሳስቶ በመውጫው በኩል ወደ ፈጣን መንገድ ቢገባ፣ ቢጫውን የሚያየው በቀኙ ነው። ይህን ያየ አሽከርካሪ በተሳሳተ አቅጣጫ እየነዳ ነውና ወዲያውኑ መቆምና መመለስ አለበት። በብዙ ግዛቶች በመንገዱ ላይ የተተከሉት አንጸባራቂዎችም ከተሳሳተው አቅጣጫ ለሚመጣ ሰው ቀይ ሆነው ይታያሉ። አሁን «ቢጫ ማለት አትሻገር» ብቻ ብሎ የተማረው ሰው በዚህ ቦታ ላይ ምን ይረዳል? ቢጫውን አልተሻገረም፤ በቀኙ ትቶት ቀጥ ብሎ እየነዳ ነው። በተማረው ሕግ መሠረት ምንም አላጠፋም። የአስተያየት ሰጪው ምክር የሚያስቆጣኝ በዚህ ምክንያት ነው፤ ከሁሉ የከፋው የፊት ለፊት ግጭት በሚያንዣብብበት ሰዓት ቢጫው የሚሰጠውን ማስጠንቀቂያ ከአሽከርካሪው ዓይን ይሰውረዋል።

በከተማ ውስጥም ያው ነው። በመንገዱ መሃል ረድፎችን የሚለየው የተቆራረጠ ነጭ ብቻ ከሆነ፣ ከመስመሩ ማዶ ያለው ተሽከርካሪ ወደ እናንተው አቅጣጫ እየሄደ ነው። ለአዲስ አሽከርካሪ ይህ ትልቅ ነገር ነው፤ ወደማያውቀው ጎዳና ታጥፎ ሲገባ መንገዱ ባለ አንድ አቅጣጫ መሆኑን ቀለሙ ይነግረዋል። ምንም መስመር የሌለው መንገድ ግን ስለ አቅጣጫ ምንም አይነግራችሁም፤ በመኖሪያ ሰፈሮች ሁለት አቅጣጫ እያስኬዱ አንድም መስመር ያልተቀባባቸው ጎዳናዎች ሞልተዋል።

ከዚሁ ስሕተት የሚወለድ ሌላ ችግር አለ። ድርብ ያልተቆራረጠ ቢጫ ሲያዩ ወደ ግራ ታጥፈው ወደ ነዳጅ ማደያ ወይም ወደ ገዛ ግቢያቸው መግባት የማይችሉ የሚመስላቸው ሰዎች አሉ። ድርብ ቢጫ የሚከለክለው በዋናነት መቅደምን ነው። ለምሳሌ በካሊፎርኒያም ሆነ በቨርጂኒያ ሕግ ወደ ግቢ ለመግባት ወይም ከግቢ ለመውጣት ድርብ ቢጫን አቋርጦ ወደ ግራ መታጠፍ ይቻላል፤ ቅድሚያ መስጠት የታጣፊው ግዴታ ነው። የቨርጂኒያ ሕግ እንዲያውም፣ አደጋ የማያስከትል እስከሆነ ድረስ እግረኛን ወይም ብስክሌተኛን ለማለፍ ድርብ መስመርን መሻገር ይፈቅዳል። ነገር ግን በካሊፎርኒያ ሁለት ጥንድ ድርብ ቢጫ መስመሮች በመካከላቸው 2 ጫማ ወይም ከዚያ በላይ ተራርቀው ከተቀቡ እንደ ግንብ ይቆጠራሉ፤ እዚያ ላይ መታጠፍም ሆነ ዞሮ መመለስ የሚቻለው ለዚያ በተተወ ክፍት ቦታ ብቻ ነው። ዝርዝሩ ከግዛት ግዛት ስለሚለያይ የምትኖሩበትን ግዛት የአሽከርካሪ መጽሐፍ አንብቡ።

ወደ ተቆራረጠው ቢጫ ልመለስ፤ እዚህ ላይ የሚያስፈራኝ ከመጠን ያለፈ መተማመን ነው። የተቆራረጠ ቢጫ «መንገዱ ባዶ ነው» አይልም። መሐንዲሱ የሚያሰላው የእይታ ርቀትን ነው። በሰዓት 55 ማይል በሚነዳበት መንገድ ላይ፣ ወደ ፊት የሚታየው ርቀት ከ900 ጫማ ካነሰ መቅደም የሚከለክል መስመር ይቀባል፤ ካላነሰ ግን መስመሩ የተቆራረጠ ሊሆን ይችላል። የአሽከርካሪው ዓይንም ሆነ ፊት ለፊት የሚመጣው ተሽከርካሪ ከመሬት 3.5 ጫማ ከፍ ይላሉ ተብሎ ይታሰባል። 900 ጫማ 274 ሜትር ያህል ነው። ሁለት መኪናዎች እያንዳንዳቸው በ55 ማይል ፍጥነት ወደ እርስ በርሳቸው ሲመጡ ይህን ርቀት ከ6 ሰከንድ ባነሰ ጊዜ ይጨርሱታል። ረጅም የጭነት መኪና ለመቅደም ስንት ሰከንድ እንደሚፈጅ የነዳ ሁሉ ያውቀዋል። ስለዚህ የተቆራረጠው መስመር የሚነግራችሁ የመንገዱ አቀማመጥ በራሱ እንደማይከለክላችሁ ብቻ ነው፤ ከዚያ በኋላ ያለው ሁሉ የእናንተ ውሳኔ ነው። ርቀት መገመት ለሚቸግራችሁ አንድ መለኪያ ልስጣችሁ፤ በተለመደው አሠራር እያንዳንዱ ቁራጭ 10 ጫማ፣ በመካከሉ ያለው ክፍተት 30 ጫማ ነው። ከአንዱ ቁራጭ መነሻ እስከ ቀጣዩ መነሻ 40 ጫማ ማለት ነው፤ ከመኪና ውስጥ ሆኖ ለሚያየው ግን በጣም አጭር ይመስላል።

የወሰኑ ምሳሌ ለሁለት የተለዩ ረድፎችም ያገለግላል። በሰፋፊ የንግድ ጎዳናዎች መሃል ላይ በውጭ በኩል ያልተቆራረጠ፣ በውስጥ በኩል የተቆራረጠ ቢጫ ያለው ረድፍ ታያላችሁ። ይህ የወል መሬት ነው፤ ከሁለቱም አቅጣጫ የሚመጡ ወደ ግራ ለመታጠፍ ይጠቀሙበታል። ለመቅደም ወይም ለረጅም ጉዞ አይሆንም፤ በካሊፎርኒያ በዚህ ረድፍ ላይ ከ200 ጫማ በላይ መንዳት አይፈቀድም። ሁለተኛው በሁለቱም ጎኑ ድርብ የተቆራረጠ ቢጫ ያለው ረድፍ ነው፤ እንደ ሰዓቱ አቅጣጫው ስለሚቀየር በተራ እንደሚታረስ መሬት ነው። በሲልቨር ስፕሪንግ ኮልስቪል ሮድ የምትነዱ ይህን ዓይነቱን ረድፍ ታውቁታላችሁ። ተራው የማን እንደሆነ የሚነግራችሁ ከላይ የተሰቀለው የመብራት ምልክት ነው፤ ቀይ ኤክስ ካያችሁ ረድፉ የእናንተ አይደለም።

ለአስተያየት ሰጪው አንድ ነገር ልመስክርለት። የእሱ አባባል በአንድ ወቅት ለእውነት የቀረበ ነበር። በ1911 በሚሺጋን ግዛት በዌይን ካውንቲ፣ በኤድዋርድ ሃይንስ ሐሳብ አመንጪነት በመንገድ መሃል የተሰመረው ቀደምት መስመር ነጭ ነበር። በ1935 የመጀመሪያው አገር አቀፍ የትራፊክ ምልክቶች መመሪያ ከወጣ በኋላም ለረጅም ጊዜ በባለ ሁለት ረድፍ መንገድ መሃል ላይ የሚቀባው የተቆራረጠ መስመር ነጭ ሊሆን ይችል ነበር፤ ቢጫው ይታይ የነበረው በተለይ መቅደም በተከለከለበት ቦታ ነው። ውጤቱ ምን ሆነ? አሽከርካሪው የተቆራረጠ ነጭ ሲያይ፣ ከማዶ ያለው ረድፍ ወደ እሱ የሚመጣ ይሁን ከእሱ ጋር የሚሄድ ከቀለሙ መለየት አይችልም ነበር። በ1971 የወጣው መመሪያ ተቃራኒ አቅጣጫዎችን የሚለየው መስመር በሙሉ ቢጫ እንዲሆን አደረገ፤ ክልከላውን ለቅርጹ ተወለት። በታኅሣሥ 2023 የወጣው 11ኛው እትምም የቆመው በዚሁ መርህ ላይ ነው። እንግዲህ ዛሬ ለአዲስ አሽከርካሪዎች የሚሰበከው ትምህርት ከግማሽ ምዕተ ዓመት በፊት የተሻረ ነው።

የተናገርኩት ሁሉ ግን ለአሜሪካ ነው። ካናዳና ኖርዌይም ተቃራኒ አቅጣጫዎችን የሚለዩት በቢጫ ነው፤ ሌላ ቦታ ግን ቀለሙ ሌላ ሥራ አለው። በእንግሊዝ በመንገድ ዳር የተቀባ ድርብ ቢጫ በማንኛውም ሰዓት ማቆም ክልክል መሆኑን ይናገራል። በጀርመን መንገድ ሲጠገን የሚቀባው ጊዜያዊ ቢጫ ነጩን መስመር ይሽረዋል። ከሁሉ በላይ ልብ ሊባል የሚገባው የእስራኤል አሠራር ነው፤ እዚያ ቢጫው የሚሰመረው በመንገዱ የቀኝ ጠርዝ ላይ ነው፤ ከእሱ ወዲያ ያለው ለመደበኛ ጉዞ ያልተፈቀደ የመንገድ ትከሻ ነው። ከእስራኤል መጥቶ በአሜሪካ የሚነዳ ወገን ቢጫውን በቀኙ ማየት ለዓመታት የለመደው ትክክለኛ ቦታ ነው፤ እዚህ ግን ያው እይታ የስሕተት አቅጣጫ ምልክት ነው። ወደ እስራኤል ሄዶ መኪና የሚከራይ የአሜሪካ አሽከርካሪም ይህንኑ ገልብጦ ይያዘው።

አንድ ነገር ከሙያዬ ልጨምር። ቢጫ በሌሊት ሁልጊዜ ቢጫ ሆኖ አይታይም። መስመሩ የሚያበራው በቀለሙ ላይ በተበተኑ ደቃቅ የመስታወት ፍሬዎች ነው፤ እነሱ ሲረግፉና ቀለሙ ሲደበዝዝ ቢጫውና ነጩ ይመሳሰላሉ፣ በተለይም አሮጌዎቹ ብርቱካናማ የመንገድ መብራቶች ባሉበት። የፌዴራሉ የአውራ ጎዳና አስተዳደር በ2022 ባወጣው ደንብ መስመሮች በሌሊት ሊኖራቸው የሚገባውን ዝቅተኛ የማንጸባረቅ መጠን ወስኗል፤ የመንገድ ባለቤቶችም መጠኑን የሚጠብቁበትን አሠራር እስከ መስከረም 2026 ድረስ እንዲዘረጉ ጊዜ ሰጥቷል። እናንተ በምትነዱበት ጎዳና ላይ ቢጫው ከነጩ የማይለይ ሆኖ ካገኛችሁት ለመንገዱ ባለቤት አመልክቱ፤ በዋሽንግተን ዲሲ ቁጥሩ 311 ነው።