የቦብስሌይ «የመነሻ ሰዓት» ከየት ይጀምራል?

የ100 ሜትር ሯጭ ሰዓቱ የሚቆጠርበት ከተኩሱ ጀምሮ ነው። በቦብስሌይ፣ ማለትም በበረዶ ቦይ ውስጥ በመንሸራተቻ ቁልቁል በሚደረገው ውድድር፣ ግን ተኩስ የለም፤ ሰዓቱ የሚነሳው መንሸራተቻው 15 ሜትር ያህል ተገፍቶ የመጀመሪያውን የብርሃን ጨረር ሲያቋርጥ ነው። «የመነሻ ሰዓት» የሚባለው ቀጣዩን 50 ሜትር የፈጀበት ጊዜ ነው። ያልተቆጠረው 15 ሜትር ታዲያ ትርፍ እንዳይመስላችሁ! የወንዶቹ ባለሁለት ሰው መንሸራተቻ ባዶውን ቢያንስ 170 ኪሎ ነው፤ ከቆመበት ነቅንቆ ለማስፈንጠር የሯጭ እግር የሚፈለገው እዚያ ላይ ነው።

ወደ ቦብስሌይ የሚመጡ ብዙ ሯጮችን የሚያስቸግራቸው መንሸራተቻው ውስጥ ዘሎ መግባቱ ነው። መሪው ቀድሞ ይገባል፣ ከኋላ የሚገፋውና መጨረሻ ላይ የሚያቆመው ፍሬን ያዡ ይከተላል። ቶሎ ከዘለለ ግፊቱ ይጎድላል፤ ከዘገየ መንሸራተቻው ከእግሩ ይፈጥንና እጀታውን እንደያዘ ወደ ኋላ ይጎትተዋል።

በአቴንስ 2004 ኦሎምፒክ በ100 ሜትር የብር ሜዳሊያ ያገኘችው አሜሪካዊቷ ሎሪን ዊሊያምስ በሶቺ 2014 የክረምት ኦሎምፒክ በቦብስሌይ ፍሬን ያዥ ሆና ሌላ የብር ሜዳሊያ ወሰደች። በአራት ዙር ድምር ከወርቁ የለያት 0.10 ሰከንድ ብቻ ነበር።