«ሰኔና ሰኞ» ሲገጥም

የእህቴ ልጅ ልብ ወለድ ትጽፋለች። ታሪኳ የሚፈጸመው ራሷ በፈጠረችው አገር ነው፤ አስማተኞች የሞሉበት አገር። ባለፈው ቅዳሜ ለገጣፎ እኛ ቤት መጣችና ደብተሯን ዘረጋችልኝ። የዚያን አገር ካላንደር ሠርታለች። ዓመቱ አስር ወር፣ ወሩ 36 ቀን፣ ሳምንቱ 9 ቀን። በባለ ቀለም እርሳስ የተሰመረ፣ ልቅም ያለ ሠንጠረዥ ነው።

«ጋሼ፣ የተረገመ ቀን ያስፈልገኛል» አለችኝ። «ድግምት ሁሉ የሚከሽፍበት፤ ሰው በጨዋታው መሀል ጣል የሚያደርገው ዓይነት።»

«እኛ አለን እኮ» አልኳት። «ሰኔና ሰኞ።»

አባባሉንስ ታውቀዋለች። የቤት ኪራይ በተጨመረ ሳምንት ልጅ ሲታመም፣ ያኔውኑ ሥራ ሲጠፋ፣ «ምን ሰኔና ሰኞ ገጠመብኝ!» እንላለን። ከየት እንደመጣ ግን ጠይቃ አታውቅም።

ነገሩ እንዲህ ነው። ሰኔ በየዓመቱ ይመጣል። ሰኞም በየሳምንቱ ይመጣል። በሰኔ ውስጥ ሰኞ ያልዋለበት ዓመትም የለም። አባባሉ የሚያወራው ስለ አንድ ቀን ብቻ ነው፤ ሰኔ 1 ሰኞ ስለሚውልበት ቀን። እንዲህ ያለው ዓመት ክፉ ነው፣ አንድ ነገር ያመጣል ተብሎ ይፈራል። ከዚያ ፍርሃት ተነስቶ ነው አባባሉ መጥፎ አጋጣሚዎች ተገጣጥመው ለሚመጡበት ጊዜ ሁሉ የዋለው።

«በእንቅርት ላይ ጆሮ ደግፍ» ከሚለው ጋር አንድ የሚያደርጉት አሉ። እኔ ይለያያሉ ባይ ነኝ። እንቅርት ብቻውንም በሽታ ነው፣ ጆሮ ደግፍም እንደዚያው። ሰኞ ግን ብቻውን ምን አደረገ? ክፋቱ ያለው መገጣጠሙ ላይ ነው። ሰው «ሰኔና ሰኞ ሆነብኝ» ሲል ማንንም አይከስስም፤ ጊዜው ገጠመብኝ ማለቱ ነው።

ታዲያ ለምን ሰኔ? እኛ ሰፈር ለዚህ መልስ ሩቅ መሄድ አያስፈልግም። ከቤታችን አጥር ማዶ ኮንዶሚኒየሙ እስኪጀምር ድረስ አንድ ቁራጭ እርሻ ቀርቷል። ሰኔ ሲገባ ጎረቤታችን ሽማግሌ በሬዎቻቸውን ጠምደው ይወጣሉ። ጥቁሩ አፈር ዝናብ ሲነካው ጫማ ላይ እንደ ሊጥ ይጣበቃል። እሳቸው ሦስት እርምጃ ሄደው ይቆሙና ከእግራቸው ሥር ጭቃውን በእንጨት ይፍቃሉ፤ ደግሞ ሦስት እርምጃ ይሄዳሉ። ያለፈው መኸር እህል ያኔ እያለቀ ነው። ጎተራው ውስጥ የቀረው ዘር ነው። ቢበሉት ለከርሞ የለም፤ ቢዘሩት ለዛሬ የለም። «ሰኔ፣ ነግ በኔ» የሚባለውም እዚህ ላይ ይገባኛል። ሰኞ ደግሞ የሥራ መጀመሪያ ነው። የዓመቱ ከባድ ሥራና የሳምንቱ ሥራ በአንድ ጠዋት በር ሲያንኳኩ አስቡት።

ድምፁም አግዟል ብዬ አምናለሁ። ሰኔና ሰኞ ምላስ ላይ ወንድማማች ናቸው። «ሰኔና ሐሙስ» ቢሆን ኖሮ ማን ይዞት እዚህ ያደርሰው ነበር?

ቀኑ መቼ እንደሚገጥም በባሕረ ሐሳብ፣ በቤተ ክርስቲያን የዘመን አቆጣጠር ስሌት፣ ማስላት ይቻላል። ደብተሯ ላይ አብረን ሠራነው። 2018ን ወሰድን። 5500 ሲደመርበት ዓመተ ዓለሙ፣ ከዓለም ፍጥረት ጀምሮ የሚቆጠረው፣ 7518 ይሆናል። ይህን ለ4 ስናካፍለው 1879 ይደርሳል፤ መጠነ ራብዒት የሚባለው ነው፤ ትርፉ ይተዋል። ሁለቱ ሲደመሩ 9397። በ7 ሲገደፍ፣ ሰባት ሰባት እየተቀነሰ ሲያልቅ ማለት ነው፣ 3 ይተርፋል። 1 ከተረፈ መስከረም 1 ማክሰኞ ነው፣ 2 ከተረፈ ረቡዕ፣ 3 ከተረፈ ሐሙስ። ወራችን 30 ቀን ስለሆነ የሚቀጥለው ወር ሁለት ቀን ገፋ ብሎ ይብታል። ከመስከረም እስከ ሰኔ ዘጠኝ ጊዜ ሁለት ሁለት ቀን ስንገፋ ከሐሙስ ተነስተን ሰኞ ላይ እናርፋለን። ስለዚህ መስከረም 1 ሐሙስ የዋለበት ዓመት ሁሉ ሰኔና ሰኞ አለበት። 1990፣ 2001፣ 2007፣ 2012፣ 2018። ከዚያ በኋላ 2029።

ልጅቷ ዝርዝሩን አይታ ዝም አለች። 2012ን ታስታውሰዋለች፤ ኮሮና የገባበት፣ ትምህርት ቤት የተዘጋበት ነው። 1990 የባድመ ጦርነት ነው። ወደ ኋላ ስንቆጥር 1928ም ወጣ፤ ጣሊያን ሚያዝያ 27 አዲስ አበባ የገባበት ዓመት። እኔም ስደርስበት ሰውነቴን ወረረኝ።

ግን እዚያ ላይ ማቆም አልፈለግኩም። ንጉሡ የወረዱት መስከረም 1967 ነው፤ አብዮቱ የፈነዳው ግን በ1966 ነበር። የዚያ ዓመት ሰኔ 1 ቅዳሜ ነው። የሰባ ሰባቱ ድርቅ ዓመት? ቅዳሜ። መንግሥት የተለወጠበት 1983? እሱም ቅዳሜ። ስለ ሰኔና ቅዳሜ ግን አንድም ሰው ሲያማ ሰምቼ አላውቅም። ቀኑ መከራ ይጠራል ብዬ አላምንም። ሰው የደረሰበትን ችግር የሚሰቅልበት ምስማር ይፈልጋል፤ ይህ ምስማር ደግሞ በእርሻው ወቅት ላይ በደንብ የተመታ ነው።

ወደ እሷ ካላንደር ተመለስን። 36 ለ9 ሲካፈል ትርፍ የለውም። ወሮቹ ሁሉ ለዘላለም በአንድ ቀን ይብታሉ ማለት ነው። «አንቺ አገር ሰኔና ሰኞ ወይ ሁልጊዜ ነው፣ ወይ ጭራሽ የለም» አልኳት። ሁለት ቆጠራ ሊገናኝ የሚችለው መጀመሪያ ሲተላለፍ ነው። እሷም አሰበችና እንደ ጳጉሜ ያሉ አምስት ቀኖች መጨረሻው ላይ ቀጠለችበት። አሁን ዓመቱ 365 ቀን ሆነ፤ በየዓመቱ የወሮቹ መባቻ አምስት ቀን ይገፋል፤ ያው ወርና ያው ቀን የሚገጥሙት በዘጠኝ ዓመት አንዴ ነው።

ያስደሰተኝ ግን ቀጥሎ ያደረገችው ነው። በመጀመሪያው ጽሑፏ ቀኑን የረገመው አንድ ታላቅ አስማተኛ ነበር። ያንን ሰረዘችው። አሁን አስማተኞቿ ኃይላቸውን ከበጋ ብርሃን ያጠራቅማሉ፤ በገንቦ ነው የሚያኖሩት። ጉም በሚባለው ወር ገንቦው ይጎድላል። የቀረችው ጭላጭ ለከርሞ ብርሃን መጥሪያ የምትሆነው ናት። የሳምንቱ የመጀመሪያ ቀን ደግሞ ስሙ ጥላ ነው።

«ጉምና ጥላ ገጠመብን» ትላለች አንዲት አሮጊት፣ ገንቦዋን ዘቅዝቃ እያየች። ምዕራፉ እሷ ላይ ይጀምራል።