እያሳቀ የሚያስለቅስ ቀልድ ምንድን ነው?

ዕድሜዋን ሙሉ ሰዓት አክብራ የማታውቅ ሴት አለች እንበል። ባሏ አርባ ዓመት በር ላይ ቆሞ ጠብቋታል፤ አርባ ዓመት ተነጫንጯል። አንድ ቀን ሞተች። የቀብሯ ዕለት ሰው ሁሉ ተሰብስቦ አስከሬኑን የያዘው መኪና ዘገየ። ባልየው ሰዓቱን አየና «ዛሬም!» አለ። አጠገቡ የነበሩት ሰዎች ሳቅ አመለጣቸው። ሳቁ ሳያልቅ እንባቸው ዱብ ዱብ ማለት ጀመረ።

እያሳቀ የሚያስለቅስ ቀልድ ማለት እንዲህ ያለው ነው። የሚያስቀው ለብቻው፣ የሚያሳዝነው ለብቻው አይደለም። ያሳቀችውም ያስለቀሰችውም ያቺው አንዲት ቃል ናት። ያ ሁሉ ንጭንጭ ፍቅር እንደነበር የገባን በእሷ ነው። ሰውየው «በጣም እወዳት ነበር» ቢል ከንፈር መጠን እናልፍ ነበር። ደግሞ ተናጋሪውም ወሳኝ ነው። ያንኑ ቃል ከሩቅ የመጣ ሰው ቢለው ነውር ይሆናል። እንዲህ ያለ ቀልድ የሚያምርበት የናፍቆቱ ባለቤት ብቻ ነው።

ስለዚህ አንድ ሰዓት ሙሉ ሲያስቅ ቆይቶ፣ መጨረሻ ላይ የሚያሳዝን ሙዚቃ ለቆ «በሉ አሁን አልቅሱ» የሚል ፊልም እዚህ አይገባም። እሱ ሳቅና ለቅሶን በየተራ ማቅረብ ነው። ለእኔ ትንሽ ማጭበርበርም ይመስለኛል።

ነገሩን አጥርቶ ያስረዳው ጣሊያናዊው ደራሲ ሉዊጂ ፒራንዴሎ ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1908 ስለ ቀልድ ባሳተመው ድርሰት። አንዲት አሮጊት ፀጉሯን ቀለም ነክራ፣ ፊቷን ተለቅልቃ፣ የወጣት ልብስ ለብሳ ስትመጣ አስቡ ይላል። መጀመሪያ እንስቃለን። አሮጊት እንዲህ አትሆንማ! ከዚያ ግን አንድ ሐሳብ ይመጣል። ምናልባት ሴትዮዋ እንዲህ መሆኗ እሷንም አያስደስታት ይሆናል። ምናልባት በዕድሜ በጣም የሚያንሳት ባሏ እንዳይርቃት ፈርታ ይሆናል። ይህን ካሰብን በኋላ እንደ ቅድሙ መሳቅ አይቻልም። ፒራንዴሎ የመጀመሪያውን ተቃርኖውን ማየት፣ ሁለተኛውን ተቃርኖው መሰማት ይለዋል። ቀለሙም ልብሱም ያው ነው፤ እኛ ግን ወደ ሴትዮዋ ጠጋ ብለናል።

ቻርሊ ቻፕሊን ደግሞ አንድም ቃል ሳይናገር አሳይቶታል። «የከተማ መብራቶች» በተባለው የ1931 ፊልሙ መጨረሻ ላይ፣ ዓይነ ስውር የነበረችው አበባ ሻጭ ማየት ጀምራለች። ለሕክምናዋ ገንዘብ የሰጣት ሰው ሀብታም ይመስላታል። አንድ ልብሱ የተቀዳደደ ሰው በሱቋ መስኮት ፈዞ ሲያያት ትስቅበታለች። ገንዘቡን የሰጣት እሱ መሆኑን እኛ እናውቃለን፤ እሷ አታውቅም። አዝናለት አበባ ሰጥታው፣ ሳንቲም ልታስጨብጠው እጁን ስትይዝ ጣቶቿ ያውቁታል። የሳቀችበት ሰውና ስትጠብቀው የኖረችው ሰው አንድ ሆኖ ተገኘ። እሱ ደግሞ አበባውን ይዞ በአፍረት ፈገግ ይላል። እኛ ሁለቱንም እያየን ምን እንደምናደርግ ግራ ይገባናል።

ሰውነታችንም ከሳቅ ወደ ለቅሶ ለመሻገር ብዙ አይቸገርም። ቻርልስ ዳርዊን እ.ኤ.አ. በ1872 ስለ ስሜት አገላለጽ ባሳተመው መጽሐፍ፣ በሳቅ ፍርስ ያለ ሰው እንባ የራሰ ፊትና ምርር ብሎ ያለቀሰ ሰው ፊት ብዙም እንደማይለያዩ ጽፏል። በሁለቱም ትንፋሽ ይቆራረጣል፤ የዓይን ዙሪያ ይጨማደዳል። ግን በሳቅ ብዛት ዓይን ማንባቱ ብቻውን ይህን ቀልድ አያደርገውም። ስትሮክና አንዳንድ የአንጎል ሕመሞችም ሰውን ያለ ምክንያት ያስቁታል፣ ያስለቅሱታል። እሱ የሐኪም ጉዳይ ነው።

ሐዘን ላይ የሳቀ ሰው ብዙ ጊዜ ይሸማቀቃል። «ጥርስ ባዳ ነው» ብሎ ያመካኛል። ባያመካኝም ይችል ነበር። ዳከር ኬልትነርና ጆርጅ ቦናኖ የተባሉ የሥነ ልቦና ተመራማሪዎች እ.ኤ.አ. በ1997 ባወጡት ጥናት፣ የትዳር ጓደኛቸውን በሞት ያጡ ሰዎች ስለ ሟች ሲያወሩ አይተዋል። በወሬያቸው መሃል ከልባቸው የሳቁት ንዴታቸው ያነሰ ነበር፤ ከሰው ጋር ያላቸው ግንኙነትም የተሻለ ነበር። ሳቁ ነው ያዳናቸው ማለት ግን ችኮላ ነው፤ መሳቅ የቻሉት ቀድሞ ቀለል ስላላቸው ሊሆን ይችላል። ደግሞም ሊያጽናናቸው ቀልድ ይዞ የመጣ ሰው አልነበረም። የሳቁት ራሳቸው ስለ ሟቹ ሲያወሩ ነው።