የፍራፍሬ ሳንቡሳ በሰሜን ሸዋ ቤቶች

የፍራፍሬ ሳንቡሳ የስንዴ ሊጥ ተዳምጦ፣ በበሰለ ፍራፍሬ ተሞልቶ፣ እንደ ግማሽ ጨረቃ ወይም በሦስት ማዕዘን ታጥፎ በዘይት የሚጠበስ ምግብ ነው። በእጅ ተይዞ፣ ከሻይ ጋር ይበላል። ምስር ወይም ሥጋ የገባበት ሳንቡሳ በየሻይ ቤቱ ሲሸጥ የፍራፍሬው በአመዛኙ የቤት ነገር ነው።

ሰሜን ሸዋ ለዚህ ምግብ የታደለ አገር ነው። ደብረ ብርሃን 2,840 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ተቀምጣ ዙሪያዋን ስንዴና ገብስ ታበቅላለች፤ በደጋው ጓሮ ኮክ አለ፣ ፖምም እየተለመደ ነው። ሸዋ ሮቢት ደግሞ 1,280 ሜትር ገደማ ላይ፣ ማንጎና ፓፓያ ከሙዝ ጋር የሚገኝበት ቆላ ነው። በሁለቱ መካከል ያለው መንገድ መቶ ኪሎ ሜትር አይሞላም። የጣርማ በርን ዋሻ አልፎ፣ በደብረ ሲና ቆሎ ሻጮች መሐል ሰንጥቆ ቁልቁል ይወርዳል። ከሮቢት የሚመጣ ዘመድ ባዶ እጁን አይገባም። ያ የማንጎ ፌስታል ከደጋው ዱቄት ጋር ሲገናኝ ሳንቡሳው ተጀመረ ማለት ነው።

የስሙ ሥር ፋርስኛ ነው። በመካከለኛው ዘመን የአረብኛ የምግብ አሠራር መጻሕፍት ውስጥ «ሰንቡሰጅ» ተብሎ ይገኛል፤ ሥጋ ብቻ ሳይሆን ስኳርና አልሞንድ የሚሞላም ነበር። ስለዚህ ጣፋጭ ሳንቡሳን «የዘመን አመጣሽ» የሚሉ ሰዎች ቢያንስ በዚህ ተሳስተዋል። ወደ አገራችን በሐረር በኩል ገባ የሚሉ አሉ፣ በቀይ ባሕር ወደቦች ነው የሚሉም አሉ። የይፋት ሰው ከሆናችሁ ግን ልባችሁ ወደ አልዩ አምባ ያደላል፤ የእኔም እንደዚያው። ከአንኮበር ግርጌ ያለችው ይህች ከተማ በንጉሥ ሣህለ ሥላሴ ዘመን (እ.አ.አ. 1813–1847) የሸዋ ዋና የንግድ በር ነበረች። ገበያዋ ዓርብ ዓርብ ይቆማል። ከታጁራና ከሐረር የሚመጡ ሲራራ ነጋዴዎች ጨውና ጨርቅ ያራግፋሉ፤ ቡናና የዝሆን ጥርስ ጭነው፣ ባሪያም እየነዱ ይመለሳሉ። አርጎባው፣ አፋሩ፣ ሐረሪውና አማራው እዚያ ይገናኛል። በካፒቴን ሀሪስ የተመራው የእንግሊዝ ልዑክ እ.አ.አ. በ1841 ወደ ንጉሡ ሲወጣ በዚሁ ጎዳና ነው ያለፈው። ከዚያ ወዲህ ያለው ታሪክ አጭር ነው፦ ቤተ መንግሥቱ ወደ አዲስ አበባ ሄደ፣ ንግዱ ባቡሩን ተከተለ፣ ጣሊያን ዋሻውን ቦረቦረ።

የባሕር ማዶ ዘመዱ በደቡባዊ የአሜሪካ ግዛቶች ይገኛል። እዚያ ለክረምት ተብሎ የደረቀ ፖምና ኮክ ተቀቅሎ፣ ስኳርና ቀረፋ ገብቶበት፣ ሊጥ ውስጥ ታጥፎ ይጠበሳል፤ ጠርዙ በሹካ ይጫናል። የደረቀ ፍሬ ውኃው ስለሚያንስ ሊጡን አያፈርስም።

እኛ ቤት ሊጡ እንዲህ ነው፦ ለሦስት ብርጭቆ ፉርኖ ዱቄት ሲሶ ብርጭቆ ዘይትና ትንሽ ጨው። ዘይቱ በጣት እየታሸ ከዱቄቱ ይዋሃድና ለብ ያለ ውኃ ጥቂት በጥቂት ይጨመራል። ከቂጣ ሊጥ ጠጠር ማለት አለበት። ተሸፍኖ ግማሽ ሰዓት ይረፍ፤ ያላረፈ ሊጥ ሲዳመጥ መልሶ ይሰበሰባል። ቅቤ የሚመርጡ አሉ፣ ግን በደብረ ብርሃን ብርድ ቅቤ ይረጋል፣ ደግሞም ያስፈስካል። በዘይት የተሠራው፣ እንቁላልም ስለሌለበት፣ ዐቢይ ጾምን 55ቱንም ቀን ያስኬዳል። በቆላው ሙስሊም ቤቶችም ሳንቡሳ የረመዳን ማፍጠሪያ ነው።

የሙሌቱ ጠላት ውኃ ነው። ኮክ ይላጥና በትንንሹ ተከትፎ ከስኳር፣ ከሎሚ ጭማቂና ከቀረፋ ጋር በለስላሳ እሳት ይበስላል፤ ማንኪያ ሲጎተትበት የድስቱ ታች ለአፍታ ከታየ ደርሷል። ማንጎ ጠንከር ያለው ይመረጣል። ሙዝ መቀቀል አይፈልግም፣ ሎሚ ይበቃዋል። ፓፓያን ሁለት ጊዜ ሞክሬ ትቼዋለሁ፤ ዘይቱን አንጣጥቶ እጄን አቃጠለኝ። ኮረሪማ የሚጨምሩም አሉ፤ ለእኔ ፍሬውን ይጋርደዋል። ሙሌቱ ሳይቀዘቅዝ መታጠፍ የለበትም፣ ትኩስ ከሆነ ሊጡን ያላላዋል። አንድ የሾርባ ማንኪያ ይበቃል፤ ጠርዙ በውኃ በቀጠነ ዱቄት ተለጥፎ በሹካ ይጫናል።

ደጋው የሚለየው በአጠባበሱ ነው። ደብረ ብርሃን ላይ ውኃ 91 ዲግሪ ገደማ ላይ ይፈላል፣ ሮቢት ላይ 96 ገደማ። ሊጡ ውስጥ ያለው ርጥበት በአነስተኛ ሙቀት ስለሚተን ውስጡ ሳይበስል ላዩ ይጠቁራል። ቆላ ላይ 175 ዲግሪ የሚጠበሰውን ደጋ ላይ ወደ 160 ዝቅ አድርጎ ትንሽ ማቆየት ነው። መለኪያ በሌለበት ቤት ቁራጭ ሊጥ ዘይቱ ውስጥ ይጣላል፦ ወዲያው ከቀላ እሳቱ በዝቷል፤ ሰምጦ ቀስ ብሎ አረፋ እያወጣ ከተነሣ ልክ ነው። በአንድ ጊዜ ከሦስት ወይም ከአራት በላይ መክተት ዘይቱን ያቀዘቅዘዋል፣ ሳንቡሳውም ዘይት ይጠጣል።

ወጥቶ በወንፊት ላይ ይንጠፍጠፍ። ልጆች ግን አይታገሡም፤ ላዩ ለብ ሲል ውስጡ ያለው ኮክ ገና ምላስ ይልጣልና ለሁለት ገምሶ መስጠት ነው። ያደረው በደረቅ ምጣድ ላይ ሲሞቅ ይንኮሻኮሻል።