እውነተኛ ደመወዝ ምንድን ነው? ዶላር ሲወደድ ቦሌ ለሚ ላይ የሚሆነው

ቦሌ አራብሳ ኮንዶሚኒየም ሥር አንዲት ሱቅ አለች። ባለቤቷን ሰፈሩ ሁሉ «እትዬ» ነው የሚላቸው። ደንበኞቻቸው በአብዛኛው ቦሌ ለሚ ኢንዱስትሪ ፓርክ የሚሠሩ ልጆች ናቸው። አንድ ክፍል ለሦስት ለአራት ተከራይተው፣ ደመወዝ እስኪወጣ በዱቤ ይኖራሉ። ዱቤው የሚሰፍረው ጠርዙ በተበላ የተማሪ ደብተር ላይ ነው።

ድሮ እትዬ የሚጽፉት ብሩን ነበር። አሁን ብሩን ትተው «ዘይት 1 ሊትር» ብቻ ይጽፋሉ። ሒሳቡ የሚሠራው በሚከፈልበት ቀን ዋጋ ነው። ባለፈው የደመወዝ ሰሞን አንዷ ልጅ ደብተሩን አይታ ተናደደች።

«እትዬ፣ እኔ ስወስድ እኮ በዚህ ዋጋ አልነበረም!»

«የኔ ልጅ፣ ብርሽን ይዤ ስሄድ በድሮው ዋጋ ማን ይሰጠኛል?»

«እንግዲያውስ ፋብሪካውም ደመወዜን በዘይት ይክፈለኛ!»

ሱቁ ውስጥ የነበርን ሁሉ ሳቅን። ልጅቷ ግን ነገሩን በአንድ ዓረፍተ ነገር ጨርሳው ነበር። ወረቀት ላይ ያለው የደመወዝ ቁጥር ስመ ደመወዝ ይባላል። ቁጥሩ የሚገዛው ዘይት፣ ጤፍ፣ የቤት ኪራይና የታክሲ ጉዞ ደግሞ እውነተኛ ደመወዝ ነው። የመጀመሪያው ሳይነካ ሁለተኛው ሊቀንስ ይችላል። ይህን ከሚያደርጉት ነገሮች አንዱ የምንዛሬ ተመን ነው።

ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም.፣ ሰኞ ዕለት፣ ብሔራዊ ባንክ የብርን ዋጋ ለገበያ ለቀቀው፤ «ብር ተንሳፈፈ» የሚባለው ይኸው ነው። ያን ሰሞን አንድ ዶላር በባንክ 57 ብር ገደማ ነበር። በጥቂት ወራት ውስጥ 120 አካባቢ ደረሰ። ብር ሲወርድ ያ የመጀመሪያው አይደለም። በ1985 ዓ.ም. ዶላር ከ2 ብር ከ7 ሳንቲም ወደ 5 ብር ሲዘል ያዩ ሰዎች ዛሬም አሉ። በጥቅምት 2010 ዓ.ም. ደግሞ ከ23 ብር ገደማ ወደ 27 ተጠግቷል። የ2016ቱም የበረታ ነበር።

እስቲ ለምሳሌ ያህል 5,000 ብር የሚከፈላትን ልብስ ሰፊ እንውሰድ። በ57 ሲመነዘር ደመወዟ 88 ዶላር ገደማ ነው። በ120 ሲመነዘር 42 ዶላር ገደማ። እሷ እጅ ላይ ያለው ያው 5,000 ነው። ማንም ጠርቶ «ቀንሰንብሻል» አላላትም። ሸሚዙን በዶላር ለሚሸጠው ፋብሪካ ግን ጉልበቷ በግማሽ ረክሷል።

ብር ሲወርድ የውጭ ንግድ ይበረታታል የሚባለው አንዱ ምክንያት ይኸው ነው። ዜናው ላይ «ተወዳዳሪነት» ሲባል ትሰማላችሁ። ነገሩን ገልጠን ካየነው፣ ከተወዳዳሪነቱ ከፊሉ በዶላር ሲታይ የረከሰ ደመወዝ ነው። ይህን ስል ውሳኔው ስህተት ነበር እያልኩ አይደለም። ዶላር ጠፍቶ ክር ማስገባት ያቃተው ፋብሪካም ሠራተኛ ይበትናል። ብቻ ሒሳቡን ማን እንደከፈለ ይታወቅ።

ደግሞ ፋብሪካውም የሚመስለውን ያህል አያተርፍም። ጨርቁ፣ ዚፑ፣ ቁልፉና የማሽኑ መለዋወጫ በብዛት ከውጭ ነው የሚገባው። በዶላር የሚገዛው በዶላር አልረከሰም። የረከሰው እዚህ በብር የሚከፈለው ነው፣ በተለይ ጉልበት። ገዢም ከሌለ ርካሽነት ብቻውን ሥራ አያመጣም። ኢትዮጵያ ከ2014 ዓ.ም. ታኅሣሥ ጀምሮ አጎዋ ከሚባለው ከቀረጥ ነፃ የአሜሪካ ገበያ ስትወጣ ብዙ የልብስ ስፌት ፋብሪካዎች ገዢ አጥተዋል። ያን ጉድጓድ የምንዛሬ ለውጥ ብቻውን አይሞላውም።

አሁን ወደ እትዬ ሱቅ እንመለስ። ዘይቱ ገባን፤ ከውጭ ነው የሚመጣው። ሽንኩርቱስ? ሽንኩርት ዶላር ይበላል እንዴ? ይህን ጥያቄ እኔም ጠይቄያቸው አውቃለሁ። በዓይናቸው ገረመሙኝና ወደ አይሱዙው ጠቆሙኝ።

ልክ ናቸው። ሽንኩርቱ የሚመጣው በነዳጅ ነው፣ ነዳጁ የሚመጣው በዶላር ነው። ማዳበሪያውና የተባይ መድኃኒቱም እንደዚያው። መንግሥት መጀመሪያ ላይ ነዳጅን፣ ማዳበሪያን፣ መድኃኒትንና የምግብ ዘይትን በድጎማ ለመያዝ ሞክሯል። የነዳጁ ድጎማ ግን ደረጃ በደረጃ እየተነሳ፣ 2017 ዓ.ም. ሳያልቅ አንድ ሊትር ቤንዚን ከ100 ብር አልፏል። ስለዚህ የምንዛሬው ጉዳት በአንድ ቀን አይደርስም። በታክሲ ታሪፍ፣ በወፍጮ ቤት፣ በቤት ኪራይ በኩል እየተንፏቀቀ ነው የሚመጣው።

እዚህ ላይ ብዙ ሰው የሚስተው ነገር አለ። ዶላር በባንክ እጥፍ ሆነ ማለት ኑሮ በዚያው ቀን እጥፍ ተወደደ ማለት አይደለም። ከሐምሌ 2016 በፊትም ብዙ አስመጪ ዶላሩን ባንክ ስለማያገኝ ከጥቁር ገበያ ነበር የሚገዛው። እዚያ ደግሞ ዋጋው ድሮውንም ከባንኩ እጥፍ ገደማ ነበር። ስለዚህ ብዙ ዕቃ ቀድሞ ተወድዷል። ይፋዊው የዋጋ ግሽበትም ብሩ በተንሳፈፈ ማግሥት ብዙዎች እንደፈሩት አልፈነዳም። ለሠራተኛዋ ግን ይህ ብዙም አያጽናናትም። የእሷ እውነተኛ ደመወዝ ዜናው ከመነገሩ በፊት መሸርሸር ጀምሮ ነበር ማለት ነው።

ደመወዝ ዋጋን ተከትሎ ይጨምራል፤ ጥያቄው በስንት ጊዜ የሚለው ነው። የመንግሥት ሠራተኛ የሚጠብቀው ውሳኔ ነው። በ2017 መጀመሪያ ዝቅተኛው ከ1,100 ብር ወደ 4,760 ከፍ ብሏል፣ በ2018 ደግሞ ወደ 6,000። የግሉ ዘርፍ በበኩሉ በሕግ የተቆረጠ ዝቅተኛ ደመወዝ ሳይኖረው ነው ብሩ የተንሳፈፈው። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጁ፣ ቁጥር 1156/2011፣ የደመወዝ ቦርድ እንዲቋቋም ያዛል። ቦርድ የሚለው ቃል ግን ዘይት አይገዛም። ፋብሪካ ውስጥ ደመወዝ አንድ ጊዜ ከተጻፈ ብዙ ጊዜ ሳይነካ ይቆያል።

የሚገርመኝ የቀን ሠራተኛው ነው። ጠዋት ጎሮ አካባቢ ቆማችሁ ብታዩ፣ ረዳቱም ግንበኛውም ዋጋውን በየቀኑ ነው የሚደራደረው። እንጀራ ከተወደደ በሳምንቱ የቀን ሒሳቡ ላይ ጨመር ያደርጋል። በቀን ሲታሰብ ከፋብሪካዋ ልጅ ይሻላል ልትሉ ትችላላችሁ። ነገር ግን ፌሮ ሲወደድ ቤት የጀመረው ሰው ሁለተኛውን ፎቅ ይተወዋል። ያኔ ረዳቱ የቀን ዋጋው ጨምሮለት፣ በሳምንት የሚሠራው ሁለት ቀን ይሆናል። እሱ ጋ ጉዳቱ የሚታየው በሥራው ቀን ማነስ ነው።

ምንዛሬው ሠራተኛዋ ጋ የሚደርስበት ሌላው መንገድ በሪያል፣ ማለትም ዓረብ አገር ሄደው በሚሠሩ ልጆች በኩል ነው። የሳዑዲ ሪያል ከዶላር ጋር የታሰረ ነው፤ አንድ ዶላር 3.75 ሪያል። ስለዚህ ብር በዶላር ሲወርድ በሪያልም እኩል ይወርዳል። ጅዳ ያለች እህት 1,000 ሪያል በባንክ ብትልክ፣ በ57ቱ ዘመን እናቷ የሚደርሳቸው 15,000 ብር ገደማ ነበር። በ120ው 32,000 ገደማ ይሆናል። (ከባንክ ውጭ በሰው በሰው በሚሄድ ሐዋላ የምትልከው ድሮም ቢሆን የጥቁር ገበያውን ዋጋ ታገኝ ነበር፤ ለእሷ ለውጡ ያን ያህል አይደለም።) ከዚህ ቁጥር አጠገብ 5,000 ብር ስታስቀምጡት፣ ፋብሪካዎች ሠራተኛ አይበረክትልንም ብለው ለምን እንደሚያማርሩ ይገባችኋል። ልጆቹ ሥራ ጠልተው አይደለም። ሒሳብ ይችላሉ።

ያቺ በዘይት ይክፈለኝ ያለችው ልጅ ዱቤዋን ከፍላ ስትወጣ እትዬን ቀስ ብላ ጠየቀቻቸው። «የእርስዎ ልጅ ፓስፖርቷን ለማውጣት ስንት ወር ፈጀባት?»

እትዬ ወዲያው አልመለሱላትም። ደብተሩን ገልጠው ስሟ ያለበትን ገጽ ሰረዙ።