የካንቶን ኦፔራ ፊልም የዜማ ደራሲ፦ የተሳሳቱ አመለካከቶችና እውነታው

እ.ኤ.አ. በ1950ዎቹ የሆንግ ኮንግ ስቱዲዮዎች የደቡብ ቻይናን የዘፈን ቴአትር፣ የካንቶን ኦፔራን፣ በብዛት ወደ ፊልም ሲያመጡ፣ ዜማውን ከሚሠሩት ባለሙያዎች አንዱ ዎንግ ዩት ሳንግ (1919–1989) ነበር። ስለ ሙያው የሚወራው ግን ከሥራው ጋር ብዙ ጊዜ አይገጥምም።

«ዜማውን ሁሉ አዲስ ይፈጥራል»
አይፈጥርም። አብዛኛው ዘፈን የሚቆመው «ቦንግ ዎንግ» በሚባሉት የቆዩ የአዘፋፈን ስልቶችና «ሲዩ ኩክ» በሚባሉ ዝግጁ ዜማዎች ላይ ነው። በ1957 ለመድረክ፣ በ1959 ለፊልም የበቃው «ዳይ ኑይ ፋ» የተባለ ኦፔራ መጨረሻ ላይ ልዕልቲቱና ባሏ በሠርጋቸው ሌሊት መርዝ ይጠጣሉ። እዚያ የሚዘፍኑት ዜማ ፒፓ ለሚባለው ባለ ክር የቻይና መሣሪያ ከተሠራ የጥንት ዜማ የተወሰደ ነው። ለዚያ ሐዘን የሚስማማውን ዜማ ከብዙዎቹ መሃል ለይቶ ማውጣት ትልቅ ችሎታ ይጠይቃል።

«ጥሩ ዜማ ማንኛውንም ግጥም ይሸከማል»
በአማርኛ ድምፅ ከፍ ቢል ዝቅ ቢል ቃሉ ያው ነው። ኦፔራው በሚዘፈንበት በካንቶንኛ ቋንቋ ግን «ሲ» የምትለው አንዲት ድምፅ ከፍ ብላ ቀጥ ካለች ግጥም፣ ወደ ላይ ከወጣች ታሪክ፣ መሃል ላይ ከረጋች መሞከር፣ ዝቅ ብላ ከወረደች ጊዜ፣ ከታች ተነሥታ ጥቂት ከወጣች ገበያ፣ ዝቅ ብላ ቀጥ ካለች ጉዳይ ማለት ናት። ዜማው መውረድ በሌለበት ቦታ ከወረደ አድማጭ «ግጥም» የተባለውን «ጊዜ» ብሎ ይሰማዋል። መፍትሔው ሦስት ነው፦ ገጣሚው ቃሉን በሌላ ቃል ይተካል፣ ደራሲው ኖታውን ያነሣል ወይም ይጥላል፣ አለዚያም ዘፋኙ እንደ «ታሪክ» ወደ ላይ የሚወጣውን ቃል ከታች ጀምሮ ወደ ኖታው ያንሸራትታል። የመጨረሻው ሲበዛ ዜማው ስለሚልፈሰፈስ ቁጥብነት ያስፈልጋል። በቦንግ ዎንግ ደግሞ ስንኞች ጥንድ ጥንድ ሆነው ይሄዳሉ፤ የጥንዱ ሁለተኛ ስንኝ የሚያልቀው ከፍ ብሎ ቀጥ ባለ ወይም ዝቅ ብሎ በሚወርድ ቃል ነው፤ ይህ ከተሳተ ቋንቋውን የሚያውቅ ጆሮ ወዲያው ይጎረብጠዋል።

«ፊልሙ መድረኩን መቅረጽ ብቻ ነው»
በመድረክ የምት መሣሪያዎቹ መሪ ዓይኑን ከተዋናዩ እጅ አይነቅልም፤ ተዋናዩ ሲዘገይ እሱም ይዘገያል። በፊልም ነገሩ ተገለበጠ፦ ዘፈኑ አስቀድሞ ተቀድቶ በቀረጻው ቦታ ይለቀቃል፤ ተዋናዩም አፉን በዚያ ልክ ያንቀሳቅሳል። ስለዚህ እያንዳንዱ እርምጃ ስንት ምት እንደሚወስድ ከቅጂው በፊት መወሰን አለበት። ካልሆነ የተዋናዩ ረጅም እጅጌ ተወርውሮ ሳያርፍ ጎንግ የሚባለው የብረት ሳህን ይመታል። አራት ሰዓት ገደማ የሚፈጀው ትርኢት ወደ ሁለት ሰዓት ሲወርድም ስንኝ በዘፈቀደ አይቆረጥም፤ ጥንዱ አንድ ላይ ይወጣል።

«መሣሪያዎቹ ሁሉ ጥንታዊ ናቸው»
ቫዮሊንና ሳክስፎን ከ1920ዎቹና 30ዎቹ ጀምሮ ገብተዋል። ዋናው ባለ ክር መሣሪያ ጋኦሁም ቢሆን በ1920ዎቹ ኤርሁ የሚባለውን ባለ ሁለት ክር መሣሪያ በብረት ክር በማደስ የመጣ ነው።

«ዜማው ከፊልሙ ጋር ይረሳል»
ዎንግ በ1951 ለአንድ ፊልም የሠራው፣ ተዋናይቱ ሁንግ ሲን ኑይ የዘፈነችው «የቀይ ሻማ እንባ» ከፊልሙ ወጥቶ ራሱ ሲዩ ኩክ ሆኗል። ሌሎች ገጣሚዎች በላዩ አዲስ ቃል ጽፈው በሌላ ኦፔራ ያዘፍኑታል።