ስለ ኮሪያዊው የፊልም ደራሲ ሶንግ ጊል ሃን፦ የተሳሳቱ አመለካከቶች እና እውነታው

«የኮሪያ ፊልም ለዓለም የቀረበው ከ2000 ወዲህ ነው።»
የዛሬ ተመልካች እንዲህ ቢያስብ አይፈረድበትም። ነገር ግን በ1940 እ.ኤ.አ. በጆንጁ የተወለዱት ሶንግ ጊል ሃን ከዳይሬክተር ኢም ክዎን ቴክ ጋር ከሠሯቸው ፊልሞች መካከል «ማንዳላ» በ1982፣ «ጊልሶተም» ደግሞ በ1986 በበርሊን ፊልም ፌስቲቫል ቀርበዋል።

«ፊልሙ የዳይሬክተሩ ነው፤ ደራሲው ንግግሩን ብቻ ይጽፋል።»
ኢም ክዎን ቴክ ከሶንግ ጋር ከመሥራታቸው በፊት በጥድፊያ የተሠሩ ከ50 በላይ ፊልሞች ነበሯቸው፤ በትልቅነት የሚታወሱባቸው ሥራዎች ግን በብዛት የመጡት ከዚያ በኋላ ነው። ሶንግ የጻፉትን፣ በ1980 የወጣውን «ጫኮ»ን እንመልከት። አንድ ፖሊስ የያዘው ኮሚኒስት ሽምቅ ተዋጊ ስላመለጠው ከሥራው ይባረራል፤ ዕድሜ ልኩን ሲፈልገው ኖሮ በመጨረሻ ሁለቱም አርጅተውና ደክመው በአንድ የችግረኞች መጠለያ ይገናኛሉ። ወታደራዊው መንግሥት ፀረ ኮሚኒስት ፊልም በሚፈልግበት በዚያ ዘመን ጠላት የተባለውን ሰው እንደ ሰው መጻፍ ድፍረትን የሚጠይቅ ነበር፤ ይህም ድፍረት በቅድሚያ የታየው በወረቀት ላይ ነው።

«ጊልሶተም የተለያዩ ቤተሰቦች በእንባ የሚገናኙበት ፊልም ነው።»
ከሁሉም የበለጠ ማብራሪያ የሚሻው ይህ ነው። በ1983 ኬቢኤስ የተባለው የኮሪያ ቴሌቪዥን በኮሪያ ጦርነት የተለያዩ ዘመዶችን ለማፈላለግ የጀመረው ስርጭት ለ138 ቀናት ቀጥሎ ከ10,000 በላይ ቤተሰቦችን አገናኝቷል፤ ጦርነቱም የእኛ የቃኘው ሻለቃ ወታደሮች ከ1951 ጀምሮ የተዋጉበት ነው። አገር ሁሉ በደስታ በሚያለቅስበት ወቅት ሶንግ የጠየቁት ከመተቃቀፉ በኋላ ያለውን ነገር ነበር። በ«ጊልሶተም» ታሪክ ውስጥ ሌላ ትዳር መሥርታ በድሎት የምትኖረው ህዋ ዮንግ የቀድሞ ፍቅረኛዋንና ልጃቸው ሳይሆን አይቀርም የተባለን ሰው ታገኛለች። ሰውየው በድህነትና በጭካኔ ያደገ ነው። የደም ምርመራው ልጅነቱን ቢያመለክትም እሷ አልቀበልም ብላ ትሄዳለች። ሠላሳ ዓመት የዘለቀ መለያየት አንድ ቤተሰብን በኑሮና በጠባይ ምን ያህል እንደሚያራርቅ ይህን ያህል በሐቅ የጻፈ ደራሲ፣ በእኔ ግምት፣ እጅግ ጥቂት ነው። ተመልካቹን ለማስደሰት ሲባል መጨረሻው ቢለወጥ ኖሮ የቴሌቪዥኑ ስርጭት ድጋሚ ብቻ ይሆን ነበር።

«ቢጉኒን ያስቆመው የመንግሥት ሳንሱር ነው።»
ስለ ቡድሂስት መነኩሲት የሚተርከው «ቢጉኒ» በ1984 ቀረጻው ከተጀመረ በኋላ የተቋረጠው በቡድሂስት የሃይማኖት ወገኖች ብርቱ ተቃውሞ ነው። ሳንሱር በዘመኑ በሁሉም ላይ ይጫን ስለነበር ጥፋቱን ሁሉ ለእሱ መስጠት ይቀናል፤ ሆኖም አንድን ድርሰት ከኅብረተሰቡ ውስጥ የተነሣ ቁጣም ሊያስቆመው እንደሚችል መታወቅ አለበት።

«ቢጉኒ ከተቋረጠ በኋላ የፊልሙ ቡድን ተበተነ።»
አልተበተነም። ለመነኩሲቷ ሚና ፀጉሯን የተላጨችው ተዋናይት ኪም ጂ ሚ በ«ጊልሶተም» ህዋ ዮንግን ሆና ተጫወተች። በ1986 ደግሞ በሶንግ ድርሰትና በኢም ዝግጅት የተሠራውን፣ በአንዲት የወደብ ከተማ ቡና ቤት ስለሚሠሩ ሴቶች የሚተርከውን «ቲኬት»ን ራሷ ባቋቋመችው ኩባንያ አማካይነት አቀረበች። ከ«ቢጉኒ» የተረፈው ድምፅ አልባ ቀረጻም በ2017 በደራሲው የትውልድ ከተማ በሚካሄደው የጆንጁ ፊልም ፌስቲቫል ላይ ለተመልካች ታይቷል።